ደበበ እሸቱ እና የአባቴ ጳጉሜን

ባለፈው ትንሣኤ ማግስት፣ ሰኞ ከሰዓት በኋላ፣ ቂርቆስ ባለው የአባቴ ቤት ተሰብስበን ነበር። ዶሮው ተበልቷል፤ ቡናው ሁለተኛ ደርሷል። ታላቅ ወንድሜ ጉሮሮውን ጠራርጎ ወደ ቁም ነገሩ ገባ። እናታችን ካረፈች ዓመት ሊሞላት ነው፤ አባባ እዚህ ግቢ ውስጥ ብቻቸውን መቅረት የለባቸውም። ወንድሜ ጀሞ ነው የሚኖረው፤ ታናሽ እህቴ ሰሚት፤ እኔ ገርጂ። ሦስት ልጅ፣ አሥራ ሁለት ወር፣ ለእያንዳንዳችን አራት አራት ወር። ሠንጠረዡን ኤክሴል ላይ የሠራሁት እኔ ነኝ። በየወሩ ትይዩ የአንዳችንን ስም አስገብቼ፣ በቀለም ለይቼ፣ አትሜ ነበር ያመጣሁት።

“ጳጉሜንስ ለማን ይድረስ?” ብሎ ወንድሜ ሊያስቀን ሞከረ።

አባባ ሲኒያቸውን አስቀመጡ። “ጳጉሜንን ለእኔ ተዉልኝ” አሉ። ሌላ ቃል አልጨመሩም።

ሁላችንም ሳቅን። እኔም ስቄ ወደ ቤቴ ሄድኩ። ከሳምንት በኋላ ግን አንድ የሥራ ባልደረባዬ በፍላሽ የሰጠኝን ፊልም በምሳ ሰዓት ቢሮ ውስጥ ከፈትኩ። ግማሽ ሰዓት ሳይሞላ ያ ሳቅ ጉሮሮዬ ላይ ተመልሶ መጣ። ፊልሙ ላይ ያየሁት አዛውንት አባቴን ነበሩ። አባቴን ሆኖ የሚጫወተው ሰው ደግሞ ደበበ እሸቱ ነበር።

ወደ ታሪኩ ከመግባቴ በፊት አንባቢን አንድ ፈቃድ ልጠይቅ። አባቴን “አንቱ” ነው የምላቸው። የእሳቸው እኩያ የሆነውን ደበበን ግን “አንተ” እለዋለሁ። የአገራችን ልማድ ነው፤ አርቲስት የሁሉም ቤት ልጅ ስለሆነ “አንቱ” ሲሉት የሚርቅ ይመስላል። ስለዚህ ጋሽ ደበበ እያልኩ፣ በ“አንተ” ልቀጥል።

ቤቱን የሸጠው አባት

ፊልሙ “ቀይ ቅጠሎች” ይባላል። አዘጋጁ ባዚ ጌቴ ኢትዮጵያ ተወልዶ በልጅነቱ ወደ እስራኤል የሄደ ቤተ እስራኤላዊ ነው። የታሪኩ ዋና ሰው የ74 ዓመት አዛውንት ናቸው። እስራኤል ከገቡ 28 ዓመት ሆኗቸዋል። ዕብራይስጡን እምብዛም አይናገሩትም፤ ለመልመድም የፈለጉ አይመስሉም። የአገራቸውን ወግና ሥርዓት እንደያዙ ነው ያረጁት። ሚስታቸው ሲሞቱባቸው ቤታቸውን ይሸጡና የቀረ ዘመናቸውን በልጆቻቸው ቤት ለማሳለፍ ይነሣሉ። ከዚያ በኋላ ፊልሙ አዛውንቱን ተከትሎ ከአንዱ ልጅ ቤት ወደ ሌላው ይሄዳል።

እኔ ኤክሴል ላይ የሠራሁትን ነገር ሰውዬው በእግራቸው ይኖሩታል።

ፊልሙ የተነሣው ከሼክስፒር “ኪንግ ሊር” ነው። ከ400 ዓመት በፊት በተጻፈው በዚያ ተውኔት ውስጥ ያረጀ ንጉሥ አገሩን ለሦስት ሴቶች ልጆቹ ለማከፋፈል ይወስናል። ከመስጠቱ በፊት ግን ምን ያህል እንደሚወዱት እንዲነግሩት ይጠይቃቸዋል። ሁለቱ አፋቸውን አጣፍጠው ይናገራሉ፤ ከልቧ የምትወደው ትንሿ ግን መለማመጥ ስለማታውቅ ትባረራለች። ያሞገሱት ሁለቱ ወዲያው ፊታቸውን ያዞሩበታል። ንጉሡ ቤት አጥቶ፣ በዝናብና በነፋስ መካከል ሜዳ ላይ ይቀራል። የእኛ ሰው ይህን ታሪክ ለመረዳት አስተርጓሚ አያስፈልገውም። በቁሙ ውርስ አውርሶ የልጆቹን ፊት ሲያይ የኖረ አባት በየሰፈሩ አለ።

የባዚ ጌቴ አዛውንት ግን ንጉሥ አይደሉም፤ ዘውድም መሬትም የላቸውም። ያላቸው አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ አባትነት። ሲናገሩ የሚደመጡበት፣ ሲቆጡ የሚፈሩበት፣ ሲገቡ ሰው የሚነሣላቸው ወንበር። ያንን ወንበር በልጆቻቸው ቤት ውስጥ አያገኙትም። ልጆቹ በሌላ ቋንቋ ያስባሉ፤ የራሳቸው ትዳር፣ ሥራ፣ ልጆች አሏቸው። አዛውንቱም ቀላል ሰው አይደሉም። እዚህም እዚያም ያላማራቸውን ያያሉ፣ ይቆጣሉ፣ ያኮርፋሉ። ተመልካች ለማን ልፍረድ ብሎ ይቸገራል።

ፊልሙ በ2006 ዓ.ም. ሐምሌ ወር በኢየሩሳሌም ዓለም አቀፍ የፊልም ፌስቲቫል ቀርቦ የመጀመሪያ ሥራውን ላቀረበ አዘጋጅ የሚሰጠውን ሽልማት አገኘ። የምርጥ ተዋናይነቱን ሽልማት ደግሞ ደበበ እሸቱ ወሰደ። ዜናው ያን ጊዜ በአጭሩ ተነግሮ አልፏል። ሰባ ዓመት ያለፈው ኢትዮጵያዊ ተዋናይ፣ በአመዛኙ በአማርኛ እየተናገረ፣ በሰው አገር በምርጥ ተዋናይነት መመረጡ ከዚያ በላይ ሊወራለት የሚገባ ነገር ነበር።

ከሜክሲኮ እስከ ብሔራዊ

የምሠራው ሰንጋ ተራ ነው። ከሜክሲኮ አደባባይ ተነሥቶ በዋቢ ሸበሌ ሆቴል በኩል እስከ ብሔራዊ ቴአትር ያለው መንገድ የምሳ ሰዓት የእግር መንገዴ ነው። ባቡሩ ከላይ ያልፋል፤ የባንኮች ፎቅ በየዓመቱ አንድ አንድ ይጨምራል። የአደባባዩ ስም የውለታ ማስታወሻ መሆኑን ብዙ ሰው ያውቃል። ፋሺስት ጣሊያን አገራችንን ሲይዝ ወረራውን አንቀበልም ካሉት ጥቂት አገሮች አንዷ ሜክሲኮ ነበረች። በሜክሲኮ ዋና ከተማም በበኩሉ “ኢትዮጵያ” የሚባል የምድር ባቡር ጣቢያ አለ። ከተማ እንዲህ ያስታውሳል፤ ስም ያወጣል፣ አደባባይ ይሠራል። ቤተሰብ ግን አደባባይ ስለሌለው በሌላ መንገድ ማስታወስ አለበት።

ብሔራዊ ቴአትር በር ላይ ያለው የድንጋይ አንበሳ ዘንድ ስደርስ አባቴ ትዝ ይሉኛል። አባባ የኮሜርስ ተማሪ ሳሉ ከሚቆጥቧት ሳንቲም ላይ ከፍለው እዚህ ይገቡ ነበር። እኔም ከብዙ ዓመት በኋላ በዚያው ግቢ ተምሬ ዲግሪዬን ያዝኩ፤ ልዩነቱ እኔ አራት ዓመት ሙሉ በዚህ አንበሳ ፊት እየተመላለስኩ አንድ ቀን እንኳ ገብቼ አለማየቴ ነው።

ሕንፃው የራሱ ታሪክ አለው። ጣሊያኖች “ሲኒማ ማርኮኒ” ብለው ጀመሩት። ከድል በኋላ ተሻሽሎና ተስፋፍቶ፣ ለንጉሠ ነገሥቱ የ25ኛ ዓመት የዘውድ በዓል በ1948 ዓ.ም. “ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር” ተብሎ ተከፈተ። ፒያሳ ያለው ሀገር ፍቅር ደግሞ ከ1927 ዓ.ም. ጀምሮ የነበረ ነው። የደበበ ትውልድ ወደ መድረክ የወጣው እነዚህ ሁለት ቤቶች ቆመው፣ ዩኒቨርሲቲውም የኪነ ጥበባት ማዕከል ባቋቋመበት ዘመን ነው። ያ ማዕከል ቴአትርን ከማታ ጨዋታነት አውጥቶ እንደ ሙያ የሚማሩት ነገር አደረገው። ጸጋዬ ገብረ መድኅን “ኦቴሎ”ን እና “ሐምሌት”ን ወደ አማርኛ ሲያመጣ፣ መንግሥቱ ለማ ከራሳችን ሰፈር ጋብቻና ጠለፋ የሚያስቅ ተውኔት ሲጽፍ፣ የሚጫወትላቸው የሠለጠነ ተዋናይ ያስፈልግ ነበር።

ደበበ ከእነዚህ አንዱ ነበር። ለቴአትር ትምህርት ወደ ሃንጋሪ ሲላክ አብሮት የሄደው ወጋየሁ ንጋቱ ነው፤ “ፍቅር እስከ መቃብር”ን በሬዲዮ ተርኮ አገሩን ሁሉ በየቤቱ ያስቀመጠው ወጋየሁ። በዚያን ዘመን የምሥራቅ አውሮፓ የቴአትር ትምህርት ቤቶች የሩሲያዊውን የስታኒስላቭስኪን መንገድ ይከተሉ ነበር። ዋናው ሐሳብ ሲጠቃለል ይህ ነው፤ ተዋናይ ኀዘንን ፊቱ ላይ አይቀባም። ያ ሰው ምን ይፈልጋል? ምን ከለከለው? ብሎ ይጠይቃል፤ መልሱን ሲያገኝ ኀዘኑ ራሱ ይመጣል። ድምፅን ማጉላት፣ እጅን ማወራጨት በለመደ መድረክ ላይ ይህ ትልቅ ለውጥ ነበር።

ሻፍት አዲስ አበባ ሲገባ

በ1965 ዓ.ም. የአሜሪካ ሰዎች ካሜራቸውን ይዘው ኢትዮጵያ ገቡ። ሪቻርድ ራውንድትሪ የሚሠራው ጥቁር መርማሪ ሻፍት በሁለት ፊልሞች ዝነኛ ሆኖ ነበር፤ ሦስተኛው “ሻፍት ኢን አፍሪካ” ግን ታሪኩን ወደ እኛ አመጣው። ዳይሬክተሩ ጆን ጊለርሚን ነው። ደበበ ዋሳ የሚባለውን ሰው ሆኖ ተጫወተ። አገራችን የራሷን ፊልም መሥራት ገና ዳዴ በምትልበት ጊዜ ነው። “ሂሩት አባቷ ማነው” ከተሠራ አሥር ዓመት አልሞላውም፤ “ጉማ” ገና አልወጣም።

አባባ ያን ፊልም ሲኒማ ቤት ገብተው አይተውታል። የሚያስታውሱት ግን ጠቡንና ተኩሱን አይደለም። “የራሳችንን መንገድ ሲኒማ ላይ ማየት ገርሞን ነበር፤ ደበበ ሲወጣ ደግሞ ሰዉ አጨበጨበ” ይላሉ።

እኔ ፊልሙን ያየሁት ዘንድሮ ነው፤ የገረመኝ ሌላ ነገር ነው። ታሪኩ ወጣት አፍሪካውያንን በሥራ ተስፋ አታለው ወደ ፓሪስ ስለሚወስዱና ጉልበታቸውን ስለሚበዘብዙ ደላሎች ነው። ከአርባ ዓመት በላይ ያለፈው ታሪክ ነው፤ ግን በየሰፈራችን ልጅ የሸኘ ቤተሰብ ሁሉ ትናንት የተጻፈ ይመስለዋል። “ቀይ ቅጠሎች” ደግሞ ከተሰደዱ በኋላ ስለሚመጣው ነው። መንገዱ አልቋል፣ ቤት ተገኝቷል፣ ልጆች አድገዋል፤ አባት ግን ገና አልደረሰም። ደበበ በወጣትነቱ የስደትን መነሻ በሚያሳይ ፊልም ውስጥ ተጫወተ፤ በሽምግልናው መድረሻውን አሳየ።

በሁለቱ መካከል

ከሻፍት እስከ “ቀይ ቅጠሎች” 41 ዓመት ነው። በእኛ ሙያ ቋንቋ አንድ ስም ለዚያን ያህል ጊዜ ከገበያ ከጠፋ የሚያስታውሰው አይኖርም። ግን ደበበ ከውጭ ሰዎች ካሜራ ፊት ራቀ እንጂ ከሙያው አልራቀም። መድረክ ላይ ቆየ፤ ቴአትር ቤት አስተዳደረ፤ በጋዜጠኝነት ሠራ። በአፍሪካ የቴአትር ባለሙያዎች ኅብረት ውስጥም በአመራር አገልግሏል። ዘውዱን፣ ደርግን፣ ኢሕአዴግን ያየ ትውልድ ነው፤ አንድ ተውኔት ለመጫወት ሦስት ዓይነት ሳንሱር ያሳለፈ ማለት ነው።

ይህ መጽሔት የፖለቲካ መጽሔት አይደለም። የሰውን ሕይወት ሲጽፉ ግን ከመሐል ገጽ መቅደድ አይቻልም። ደበበ በ1997ቱ ምርጫ ወቅት ከቅንጅት ጋር ሆነ፤ በፓርቲው የሕዝብ ግንኙነት ሥራ ላይ ነበር። ከምርጫው በኋላ በኅዳር 1998 ገደማ ከፓርቲው መሪዎች ጋር ታሰረ፣ ተፈረደበት፣ በሐምሌ 1999 በይቅርታ ከተፈቱት ጋር ወጣ። ሃያ ወር ገደማ ነው። በ2003 ዓ.ም. መጨረሻ ደግሞ እንደገና ታስሮ ኋላ ተፈታ። ብዙ ሰው በዚያ ዕድሜው የሚያስበው ስለ ጡረታውና ስለ ጤናው ነው።

የባዚ ጌቴ ሥራ የመጣው ከዚህ ሁሉ በኋላ ነው።

ኮሜርስ ሳለሁ “የምርት የሕይወት ዑደት” የሚባል ትምህርት ተምሬያለሁ። ምርት ይተዋወቃል፣ ያድጋል፣ ይበስላል፣ ከዚያ ያሽቆለቁላል። ሲያሽቆለቁል ድርጅቱ ወጪ ይቀንሳል፤ ማስታወቂያ ይቆማል፤ ቀስ እያለ ከመደርደሪያ ይወርዳል። ለሳሙና ትክክል ነው። ፊልሙን ካየሁ በኋላ ግን ይህን ትምህርት ቤታችን ውስጥ ሥራ ላይ እንዳዋልነው ታየኝ።

እናታችን ካረፈች ወዲህ ያደረግነውን ቆጠርኩ። አባባ የጡረተኛ የሒሳብ ሠራተኛ ናቸው፤ የሰፈሩ ዕድር ጸሐፊ ሆነው ዓመታት አገልግለዋል። “ይደክማሉ” ብለን መዝገቡን ለሌላ ሰው እንዲያስረክቡ ያግባባነው እኛ ነን። የመብራትና የውሃ ክፍያ ወንድሜ ወሰደው። ገበያውን እህቴ። እኔ ሠራተኛ ቀጠርኩ። እያንዳንዱ በፍቅር የተደረገ ነው፤ “አባባ ይረፉ” ተብሎ ነው። ድምሩ ግን አንድ ሰው ጠዋት ተነሥቶ የሚሄድበት ቦታ እንዳይኖረው ሆነ። በመጨረሻ የቀረችው ጳጉሜን ነበረች፤ እሷንም ለምነው አስቀሯት።

መድረክና ካሜራ

ተዋናይነት ከውጭ ሲታይ አንድ ሥራ ይመስላል። የመድረክ ተዋናይ ድምፁ መጨረሻ ወንበር ላይ ለተቀመጠው መድረስ አለበት፤ እጁ፣ አካሄዱ፣ ፊቱን ያዞረበት አቅጣጫ ከሩቅ መነበብ አለበት። ካሜራ ግን ተቃራኒውን ይፈልጋል። የዓይን ሽፋሽፍት እንኳ ይቆጥራል። መድረክ ላይ ያደገ ሰው ካሜራ ፊት ሲቆም ብዙ ጊዜ ይበዛል፤ ይጮኻል፣ ያጋንናል። በአገራችን ፊልሞች የምናየው አንዱ ችግር ይኸው ነው።

ደበበ “ቀይ ቅጠሎች” ላይ ያደረገው ይህን መቀነስ ነው። ያ ገጸ ባሕርይ ብዙ አይናገርም። አንድ ቤት ሲገባ የት እንደሚቀመጥ የማያውቅ ሰው አቀማመጥ፣ ልጆቹ በማይገባው ቋንቋ ሲነጋገሩ ጆሮውን ሳይሆን ፊቱን የሚያዞር ሰው አስተያየት፣ ለመቆጣት ተነሥቶ የሚቆጣበት ቤት የራሱ አለመሆኑ ትዝ የሚለው ሰው ዝምታ አለ። መድረክ ላይ ግማሽ ምዕተ ዓመት ድምፁን የተጠቀመ ሰው፣ ድምፁን ትቶ ሲጫወት ማየት ነው ያስደነቀኝ። ሠላሳ ዓመት ያለው ተዋናይ ሽበት ተቀብቶ ያን ሊያመጣው አይችልም።

ይህንን ሥራ አንድ ወጣት አዘጋጅ ለአንድ አዛውንት ሲሰጥ ምን እንዳደረገ ልብ በሉ። የመታሰቢያ የምስክር ወረቀት አልሰጠውም፤ ካባ አላለበሰውም፤ “አንጋፋው” ብሎ ከፊት ወንበር አላስቀመጠውም። ከባድ ሥራ ሰጠው። ፊልሙ በሙሉ በትከሻው ላይ ነው፤ እሱ ከወደቀ ፊልሙ ይወድቃል። ፊልሙ ውስጥ ያሉት አዛውንት ያጡት ነገር ይህ ነው፤ የሚጫወታቸው ሰው ያገኘው ይህ ነው። ሚና።

እኛ አንጋፋ አርቲስቶቻችንን የምናስታውሰው ብዙ ጊዜ ሲታመሙ ነው። ገንዘብ እናሰባስባለን፤ መልካም ነገር ነው። ሲሞቱ በታላቅ አጀብ እንቀብራለን። በእነዚህ ሁለት መካከል፣ ገና በእግራቸው ቆመው ሳለ፣ ለዕድሜያቸው የሚሆን ተውኔት ጽፎ “ይህን ተጫወትልኝ” የሚላቸው ግን ጥቂት ነው። በአብዛኞቹ ፊልሞቻችን ላይ ሽማግሌ የሚታየው ሽምግልና ሲቀመጥ ወይም ሲሞት ነው።

እሁድ ቂርቆስ

ከዳግማይ ትንሣኤ በኋላ ባለው እሁድ ላፕቶፔን ይዤ አባባ ቤት ሄድኩ። ከቴሌቪዥኑ ጋር አገናኘሁት። ወንድሜና እህቴም ነበሩ። ምን እንደምናይ አልነገርኳቸውም።

አባባ ከሶፋው ጀርባ ብድግ አሉ። “ይሄ ደበበ አይደለም እንዴ!” ከዚያ ማብራራት ጀመሩ። ብሔራዊ እንዴት ይጫወት እንደነበር፤ እነሱ ተማሪዎቹ ርካሹን ቲኬት ቆርጠው ከላይ ተቀምጠው እንኳ ቃል እንደማያመልጣቸው። አሥር ደቂቃ ያህል ሲያወሩ ቆዩ። ከዚያ ዝም አሉ። እስከ መጨረሻው ድረስ ዝም ብለው አዩ። እህቴ በመሐል ተነሥታ ወደ ጓዳ ገባች፤ ቡና ልታይ ነው አለች፤ ቡናው ግን ገና አልተቆላም ነበር።

ሲያልቅ ማንም አልተናገረም። ወንድሜ ስልኩን እያየ ነበር፤ ስልኩ ግን ጠፍቶ ነበር።

“ቤቱን መሸጥ አልነበረበትም” አሉ አባባ በመጨረሻ። ትንሽ ቆይተው፣ “ልጆቹም ክፉ አይደሉም” አሉ። ይህን ያሉት ለእኛ እንደሆነ ገባን። “ክፉ የለም እዚህ ውስጥ። ሰውዬው ሥራ የለውም፤ ያ ነው ችግሩ።”

ሠንጠረዡን በዚያው ቀን አጠፋሁት። እውነቱን ለመናገር የተካነው ነገር ከሠንጠረዡ ያነሰ ንጹሕ ነው። የአባባ ጉልበት ያማቸዋል፤ ሌሊት ብቻቸውን ቢወድቁ የሚለው ፍርሃት አሁንም እንቅልፍ ይነሣናል። ሰፈሩም ለልማት ይነሣል የሚባል ወሬ በየጊዜው ይመጣል። ያደረግነው ይህ ነው፤ አባትን ወደ ልጆች ቤት በመላክ ፈንታ ልጅን ወደ አባት ቤት ላክን። የወንድሜ ትልቁ ልጅ ትምህርት ቤቱ ሜክሲኮ አካባቢ ነው፤ ከጀሞ በየቀኑ ታክሲ ሲጋፋ ነበር የሚመጣው። አሁን ቂርቆስ ከአያቱ ጋር ይኖራል። ማታ ማታ ሒሳብ የሚያስጠኑት እሳቸው ናቸው። ልጁ “አያቴ ካልኩሌተር ከለከለኝ” ብሎ ለእናቱ ከስሷቸዋል። የመብራቱን ክፍያ መልሰው ወስደዋል። ዕድሩም ለአዲሱ ጸሐፊ መዝገቡን የሚያስተካክልለት ሰው ሲፈልግ የሚጠራው እሳቸውን ነው።

ሁሉም ቤት እንዲህ ማድረግ ይችላል ማለቴ አይደለም። ወላጅን ቤት አምጥቶ መንከባከብ ግድ የሚሆንበት ጊዜ አለ፤ በሽታም አለ፣ የቤት ኪራይም አለ። እኔ የምለው፣ አልጋ ከማዘጋጀታችን በፊት አንድ ጥያቄ እንጠይቅ ነው። እዚህ ቤት ሲመጡ ሥራቸው ምንድን ነው? ቡናውን ማን ይመርቃል? ልጁ ሲያጠፋ ማን ይዳኛል? እሳቸው ካልመጡ የማይጀመር ነገር ምን አለ? መልስ ከሌለን፣ ያዘጋጀነው ክፍል የቱንም ያህል ቢያምር እንግዳ ማረፊያ ነው።

ባለፈው ሳምንት አባባ ደወሉልኝ። ጳጉሜን ሊገባ ብዙ አልቀረም፤ አምስቱም ቀን የእኔ ናቸው አይደል አሉኝ። አዎ አልኳቸው። አንዱን ቀን ከልጅ ልጃቸው ጋር ብሔራዊ ቴአትር ሊገቡበት አስበዋል። ልጁ ቴአትር ገብቶ አያውቅም። ፊት ለፊት ሳይሆን ከላይ መቀመጥ አለብን፣ ተዋናይ የሚፈተነው ከዚያ ነው አሉኝ።

“በዚያ ቀን የሚታየው የትኛው ቴአትር ነው?” ብዬ ጠየቅኳቸው።

“እሱን አንቺ አጣሪ” አሉኝ። “ማርኬቲንግ አይደለሽ?”